ከሐዋሳ ሆኖ በረዳት ተዋናይነት መሥራት፦ ከኦዲሽን እስከ ክፍያ

ይህ መመሪያ ሐዋሳ ለሚኖሩና በግል ገንዘብ በሚሠሩ ፊልሞች ውስጥ ሁለት፣ ሦስት ወይም አምስት ትዕይንት ያላቸውን ገጸ ባሕርያት መጫወት ለሚፈልጉ ነው፤ የመሪ ተዋናይዋን አጎት፣ የቤት አከራዩን፣ የጋራዡን ባለቤት፣ የቀበሌ ጸሐፊዋን፣ ዓሣ አጥማጁን። እነዚህ ሚናዎች በትጋት ለያዛቸው ሰው ለዓመታት የሚዘልቅ ሥራ ይሆናሉ። በጀቱ ትንሽ የሆነ ፕሮዲውሰር አንድን ረዳት ተዋናይ ደግሞ የሚጠራበት ምክንያት ሁለት ነው፦ ኤዲተሩ የተቀረጸውን በሙሉ ሊጠቀምበት መቻሉ፣ ቀረጻውም በተዋናዩ ምክንያት አለመቆሙ። ማልቀስ መቻል ከእነዚህ ሁለቱ በኋላ ነው የሚመጣው።

1. ካሜራው የሚያየውን ሰው ይለዩ

ብዙም የማያውቁዎትን አምስት ሰዎች «ሥራዬ ምን ይመስላል? ዕድሜዬስ?» ብለው ይጠይቁ። ሦስቱ «አስተማሪ» ካሉ ተመልካቹም በመጀመሪያ እይታ የሚያስበው አስተማሪ ነው። ዘመድና ጓደኛ አይጠየቅም፤ እነሱ የሚያዩት የሚያውቁትን ሰው ነው። ከመልሱ ተነሥተው በደንብ ሊጫወቷቸው የሚችሉ ሦስት ወይም አራት ዓይነት ሰዎችን ይጻፉ፤ ጡረታ የወጣ ወታደር፣ ቆራጥ ነጋዴ እናት፣ የጤና ጣቢያ ዘበኛ። ዕድሜን በአንድ ቁጥር ሳይሆን «ከ40 እስከ 55» በሚል መልክ ያስቀምጡ።

ቀጥሎ የሚችሉትን ይዘርዝሩ፦ የሚናገሯቸው ቋንቋዎች፣ መንጃ ፈቃድ፣ ባጃጅ መንዳት፣ ጀልባ መቅዘፍ፣ ዋና፣ ልብስ ስፌት፣ ቡና ማፍላት። የማይችሉትን «እችላለሁ» አይበሉ። ባጃጅ መንዳት እችላለሁ ያለ ሰው ሞተሩን በተደጋጋሚ ሲያጠፋ የሚባክነው የሃያ ሰው ጊዜ ነው፤ ያ ረዳት አዘጋጅ ስሙን አይረሳውም።

ሐዋሳ መኖር በራሱ ጥቅም አለው። ለሐይቁ ሲሉ ከአዲስ አበባ የሚመጡ ቡድኖች አሉ። 275 ኪሎ ሜትር ተጉዞ ለሚመጣ ተዋናይ የመኪና፣ የአልጋና የውሎ አበል ይከፈላል፤ ከአቶቴ ወይም ከፒያሳ በባጃጅ ለሚደርስ ግን ይህ ወጪ የለም። ስለዚህ ራስዎን ሲያስተዋውቁ «ነዋሪነቴ ሐዋሳ ነው፣ ማረፊያ አያስፈልገኝም» የሚለውን በመጀመሪያው መስመር ላይ ያስፍሩ።

2. ፎቶና የናሙና ቪዲዮ

ሦስት ፎቶ ይበቃል፦ ፊት ለፊት፣ ፊት በከፊል ዞሮ፣ እና ሙሉ ቁመት። ፊልተር አይጠቀሙ። መሸብሸብ፣ ጠባሳ፣ ሽበት ለዚህ ሥራ ሀብት ነው፤ ስልኩ ሲያለሰልሳቸው ለሥራው የሚጠቅመው ፊት ይጠፋል። ጺም ወይም ፀጉር ከተቀየረ ፎቶው በዚያው ሳምንት ይቀየር።

የናሙና ቪዲዮ ከ60 እስከ 90 ሰከንድ ይሁን። ርዕስና ሙዚቃ ሳያስቀድሙ በራስዎ ፊት ይጀምሩ፤ ተዋናይ መራጩ ብዙ ጊዜ ከመጀመሪያዎቹ አሥር ሰከንዶች አያልፍም። የተቀረጸ ሥራ ከሌለዎት ለብቻ የሚነገር ረጅም ንግግር አይቅረጹ። ከሌላ ሰው ጋር የአንድ ደቂቃ ትዕይንት ይሥሩ፤ የረዳት ተዋናይ ዋና ሥራ ማዳመጥ ስለሆነ ማዳመጥዎ መታየት አለበት።

3. ኦዲሽን በስልክ መቅረጽ

ሐዋሳ ላለ ሰው አብዛኛው የመጀመሪያ ኦዲሽን በቴሌግራም የሚላክ ቪዲዮ ነው። አሠራሩ እንዲህ ነው።

መስኮቱን ፊት ለፊትዎ ያድርጉ፤ ስልኩ በመስኮቱና በእርስዎ መካከል ይቁም። ከጀርባ አንድ ቀለም ያለው ግድግዳ ይኑር፣ ከግድግዳውም አንድ ሜትር ያህል ይራቁ። ስልኩ አግድም ተኝቶ፣ ሌንሱ ከዓይንዎ እኩል ከፍታ ላይ፣ ከአንድ ሜትር ተኩል እስከ ሁለት ሜትር ርቀት ይቀመጥ። ክፈፉ ከደረት እስከ ራስ ትንሽ በላይ ይያዝ። ዙም አያድርጉ፤ ማቅረብ ካስፈለገ ስልኩን ራሱን ያቅርቡ። በስልኩ ስክሪን ላይ የሚታየውን ፊትዎን በጣትዎ ጫን አድርገው ይዘው ብርሃኑን ይቆልፉ፤ አለበለዚያ በተንቀሳቀሱ ቁጥር ምስሉ ይፈካል፣ ይጨልማል።

ማታ በአምፖል የሚቀርጹ ከሆነ የሚንቀጠቀጥ ምስል ይገጥምዎታል። የአገራችን ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ስለሆነ ርካሽ ኤልኢዲና ፍሎረሰንት በሰከንድ 100 ጊዜ ይርገበገባሉ፤ በሰከንድ በ30 ፍሬም (ምስል) ሲቀረጽ ምስሉ ላይ ጥላ ሽቅብ ቁልቁል ይሄዳል። ስልክዎ የሚፈቅድ ከሆነ ወደ 25 ፍሬም ይቀይሩት፤ ካልሆነ ለጠዋት ያቆዩት።

ሌላውን ገጸ ባሕርይ የሚያነብልዎት ሰው ከሌንሱ ጎን ተጠግቶ ይቁም፣ እርስዎም እሱን ይዩ። ለማይኩ እሱ ስለሚቀርብ ድምፁን ዝቅ ያድርግ። ሁለት ቴክ (የአንዱ ትዕይንት ድግግሞሽ ቀረጻ) ብቻ ይላኩ፣ ሁለቱ ግን ይለያዩ፦ አንዱ ሰውየው ተቆጥቶ፣ ሌላው ቁጣውን ውጦ። ተመሳሳይ የሆኑ አምስት ቴኮች መራጩን ያደክሙታል፣ ሌላ ነገር ማድረግ እንደማይችሉም ይነግሩታል።

የ1080 ጥራት ያለው ቪዲዮ በደቂቃ ከ60 እስከ 130 ሜጋባይት ይይዛል። ቴሌግራም ላይ እንደ ቪዲዮ ሳይሆን «ፋይል» በሚለው ይላኩት፤ እንደ ቪዲዮ ሲላክ ጥራቱ ይቀንሳል። የፋይሉ ስም የእርስዎ ስም፣ የሚናው ስምና የስልክ ቁጥር ይሁን። ኔትወርክ በተጨናነቀበት የምሽት ሰዓት ከመጨነቅ ሌሊት 11 ሰዓት ላይ መላክ ይቀላል።

አዲስ አበባ በአካል ከተጠሩ በዋዜማው ይሂዱ። በሻሸመኔ፣ በባቱና በሞጆ አድርጎ የሚወስደው መንገድ አራት አምስት ሰዓት ይበላል፤ የሌሊት መኪና ይዞ 4 ሰዓት ላይ ኦዲሽን የሚገባ ሰው ድካሙ በፊቱ ይታያል።

እዚህ ላይ አጥብቀን የምንለው አለ። ለምዝገባ፣ ለፎርም ወይም ለሥልጠና ብሎ ገንዘብ የሚጠይቅ ኦዲሽን ኦዲሽን አይደለም። በሆቴል መኝታ ክፍል የሚጠራ ኦዲሽንም እንዲሁ። በተለይ ሴቶች ሰው አስከትለው ይሂዱ፣ ቦታው አዳራሽ ወይም ቢሮ እንዲሆን በጽሑፍ መልእክት ያረጋግጡ። በዚህ የተቆጣ «አዘጋጅ» ካለ ሥራው ቀረ ተብሎ የሚያስቆጭ ነገር የለም።

4. ውል፣ ከልምምድ በፊት

ትንሽ ሚና ነው ተብሎ ያለ ወረቀት መጀመር የዚህ ሙያ ትልቁ ጉዳት ነው። ውሉ አንድ ገጽ ቢሆንም ይበቃል፤ የሚከተሉት ግን ይኑሩበት። የቀረጻ ቀናት ብዛትና ከዚያ በላይ ለሚጨመር እያንዳንዱ ቀን የሚከፈለው። የቀኑ ሥራ ስንት ሰዓት እንደሆነ። መጓጓዣና ምግብ የማን እንደሆኑ። ንግግርዎን በስቱዲዮ ደግመው ለመቅዳት ወደ አዲስ አበባ የሚጠሩ ከሆነ የጉዞው ወጪ። ስም በፊልሙ ላይ እንዴት እንደሚጻፍ። ፊልሙ በሲኒማ፣ በቴሌቪዥን፣ በዩቲዩብ ወይም በሁሉም የሚታይ መሆኑ።

ጥቅል ዋጋ ያለ ቀን ብዛት አይቀበሉ። «ሦስት ቀን ነው» የተባለ ቀረጻ ዝናብ፣ መብራት መጥፋትና የመሪ ተዋናይ መቅረት ሲጨመርበት ሰባት ቀን ይሆናል፣ ክፍያው ግን ያው ነው። ግማሹ ከመጀመሪያው የቀረጻ ቀን በፊት፣ ቀሪው የእርስዎ የመጨረሻ ትዕይንት ከመቀረጹ በፊት ይከፈል። «ፊልሙ ሲሸጥ» የሚል ቃል በውሉ ላይ ካለ የሚሸጥበት ቀን እንደማይታወቅ አስበው ይፈርሙ። ሁለት ምስክሮች ይፈርሙበት፣ አንድ ቅጂም በእጅዎ ይቅር። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለከዋኞች (ተዋንያንን ጨምሮ) መብት እውቅና ሰጥቷል፤ ያም ሆኖ የክፍያው ነገር የሚወሰነው በፈረሙት ወረቀት ነው። ከክፍያው ላይ ግብር ከተቀነሰ ደረሰኙን ይጠይቁ።

5. ሚናውን ማዘጋጀት፦ ከእጅ ይጀምሩ

መሪ ተዋናይ ገጸ ባሕርዩን ለማስረዳት አንድ ሰዓት ተኩል አለው። ረዳት ተዋናይ አርባ ሰከንድ ይኖረዋል። በአርባ ሰከንድ ውስጥ ተመልካቹን የሚያሳምነው የሕይወት ታሪክ ሳይሆን ሥራ የለመደ እጅ ነው። ስለዚህ መጀመሪያ የሰውየውን ሥራ ይማሩ።

ሚናው ዓሣ አጥማጅ ቢሆን፣ ለአሞራ ገደል፣ ለሐይቁ ዳር የዓሣ ገበያ፣ ቅርብ መሆንዎ ትልቅ ዕድል ነው። መረቡ ማታ ተጥሎ ጠዋት ስለሚነሣ ማልደው ይድረሱ። መጀመሪያ ቆመው ይመልከቱ፤ ፈቃድ ሳይጠይቁ ስልክ አያውጡ። ከዚያ አንድ ባለሙያ እንዲያሳይዎት ይጠይቁ፣ ጊዜውንም ይክፈሉት። ቆሮሶ የተባለው ዓሣ ጀርባው ላይ የሚወጋ እሾህ አለው፤ የለመደ ሰው ከዓሣው ጭንቅላት በኩል ጀምሮ እሾሁን ወደ ኋላ እያስተኛ ይይዘዋል፣ ያልለመደ ጀርባውን ጨብጦ ይወጋል። አምባዛ ቅርፊት የለውም፣ ያሙለጨልጫል፣ ከጉንጩ ኋላ ባሉት ክንፎቹም ጠንካራ እሾህ አለ። ቢያንስ ሃያ ዓሣ በራስዎ እጅ ይበልቱ። ዓላማው ፍጥነት አይደለም፤ ዓሣውን ሳያዩ፣ እያወሩ መሥራት መቻል ነው። ዓይኑ ከቢላው የማይነሣ ተዋናይ ቃለ ተውኔቱን ሲናገር እጁ ይቆማል፤ እጁ ሲቆም ዓሣ አጥማጅነቱም ያበቃል።

ለልብስ ሰፊ፣ ለጎሚስታ፣ ለጠጅ አሳላፊ፣ ለዘበኛ አሠራሩ ያው ነው። ከእያንዳንዱ ሙያ ሦስት ነገር ይያዙ፦ መሣሪያው የሚያዝበትን መንገድ፣ ሥራ ሲፈታ እጁ የሚያርፍበትን ቦታ፣ ሥራው ሰውነት ላይ የሚተወውን ምልክት። ሦስተኛው ብዙ ጊዜ ይረሳል። የመካኒክ ጥፍር ሥር ያለው ጥቁረት ለሜካፕ ባለሙያ ካልተነገረ ንጹሕ እጅ ያለው መካኒክ ይቀረጻል።

ስክሪፕቱ እጅዎ ሲገባ የራስዎን ትዕይንቶች ብቻ አያንብቡ። ሙሉውን አንብበው ለእያንዳንዱ ትዕይንትዎ ሦስት መልስ ይጻፉ፦ ከዚህ በፊት የት ነበርኩ? ከዚህ ሰው ምን እፈልጋለሁ? ስወጣ ምን ተቀይሯል? የሦስተኛው መልስ «ምንም» ከሆነ አዘጋጁን ይጠይቁ። መልሱ መረጃ ማቀበል ብቻ ነው ሊባሉ ይችላሉ፤ ያን ጊዜ መረጃውን ሌላ ሥራ እየሠሩ ያቀብሉ፣ ትዕይንቱን ለማግዘፍ አይሞክሩ።

የአነጋገር ዘዬን በተመለከተ፦ ሐዋሳ ሲዳምኛ፣ ወላይትኛ፣ አማርኛና ሌሎች ቋንቋዎች በአንድ ሰፈር የሚነገሩባት ከተማ ናት፤ ከደቡብ የመጣ ሰውን ለማሳቂያ ብቻ የሚያስገቡ ስክሪፕቶችም ይመጣሉ። ሚናውን ከተቀበሉ የቋንቋው ተናጋሪ የሆነ፣ በዕድሜም ከገጸ ባሕርዩ ጋር የሚቀራረብ ሰው ቃለ ተውኔቱን በአማርኛ እንደ ልማዱ ሲናገረው ይቅረጹ። ከቃላት ስብራት ይልቅ የት እንደሚያርፍና የትኛውን ቃል እንደሚያጠብቅ ይከተሉ። የተሰበረ አማርኛ በጨመሩ ቁጥር ሰውየው እየራቀ ይሄዳል። ሲዳማዎች ተሰብስበው የሚያዩት ፊልም እንደሚሆን አስበው ይጫወቱ።

6. ልብስ

በትንሽ በጀት ፊልም ልብሱ አብዛኛውን ጊዜ የተዋናዩ ነው። ለእያንዳንዱ ትዕይንት ሁለት አማራጭ ይዘው ይምጡ። ቀጫጭን መስመር ያለው ሸሚዝ በካሜራ ላይ ይንቀጠቀጣል፤ ደማቅ ነጭ በሐዋሳ ፀሐይ ፊትን ያጨልማል፤ የድርጅት ምልክት ያለው ቲሸርት ኤዲተሩን ያስቸግራል። አዲስ ልብስ ከሆነ ሦስት አራት ጊዜ ይጠብ። ደም፣ ጭቃ ወይም ዝናብ ያለበት ትዕይንት ላይ አንድ ዓይነት ልብስ ሁለት ያስፈልጋል፤ አንድ ብቻ ካለ ሁለተኛ ቴክ የለም ማለት ነው። ቀረጻው እስኪያልቅ ልብሱን ለሌላ ጊዜ አይልበሱት፤ ፀጉርና ጺምም ሳይጠየቅ አይነካ።

7. ቀረጻው ላይ

*ቦታን መምታት።* ካሜራማኑ የሚቆሙበትን ቦታ መሬት ላይ በቴፕ ያመለክታል። ከዚያ ምልክት ጀርባዎን ሰጥተው ወደ መነሻዎ እየተራመዱ እርምጃ ይቁጠሩ። በዚያው ቁጥርና በዚያው እግር ሲመለሱ ሳያዩ ይደርሳሉ። ምልክቱን ግማሽ ሜትር ያለፈ ተዋናይ ከፎከስ ይወጣል።

*እይታ።* በቅርብ ሾት (ፊትን አቅርቦ በሚያሳይ ቀረጻ) ላይ የባልደረባዎን ሁለት ዓይኖች እየተመላለሱ አይዩ፤ ዓይንዎ ሲዋልል ይታያል። ለካሜራው የሚቀርበውን አንዱን ዓይን ብቻ ይዩ።

*ድምፅ።* ከመድረክ የመጡ ተዋናዮች ዋና ችግር ይኸው ነው። ማይኩ ደረትዎ ላይ ነው፤ ከፊትዎ ላለው ሰው እንጂ ለአዳራሽ አይናገሩ። ነጠላ፣ ጋቢ፣ ናይሎን ጃኬትና የአንገት መስቀል ማይኩን ይነካኩታል፤ ሲለብሱ ለድምፅ ባለሙያው ያሳዩት። በቅርብ ሾት የሌላውን ንግግር አይሻሙ፤ ሁለት ድምፅ ከተደራረበ ኤዲተሩ መቁረጥ አይችልም። ባጃጅ ካለፈ ወይም የጸሎት ድምፅ ከገባ ቴኩ ሲያልቅ «ንግግሩን በድምፅ ብቻ ልድገመው» ይበሉ። በዚያው ቦታ፣ በዚያው ትንፋሽ የተቀዳ አንድ ደቂቃ ድምፅ በኋላ አንድ የአዲስ አበባ ጉዞ ያስቀራል።

*ተከታታይነት።* ሲኒውን በየትኛው እጅ፣ በየትኛው ቃል ላይ እንዳነሡት ይመዝግቡ። አንድ ትዕይንት በሰፊ ሾት ተጀምሮ በቅርብ ሾት ይደገማል፤ በሰፊው በቀኝ የያዙትን በቅርቡ በግራ ከያዙ ሁለቱ አይገጣጠሙም። ኤዲተሩ ያን ጊዜ የሚያደርገው ቀላል ነው፦ የእርስዎን ፊት ትቶ የሌላውን ያሳያል። ትዕይንትዎ የሚያጥረው በዚህ ነው እንጂ ሁልጊዜ በምቀኝነት አይደለም። ስለዚህ እንቅስቃሴን ያሳንሱ፣ የቀረውንም ከቃል ጋር ያስሩ፤ «አልሰማሁም» ሲሉ ሲኒው ይቀመጣል፣ ሁልጊዜ። በየትዕይንቱ መጨረሻ የልብስ ቁልፍዎን፣ ነጠላዎንና ጸጉርዎን በስልክ ፎቶ ያስነሡ። የተከታታይነት ኃላፊ የሌለው ቡድን ብዙ ስለሆነ ይህ የእርስዎ ሥራ ነው ብለው ይያዙት። «ካት» ከተባለ በኋላም ሁለት ሰከንድ በነበሩበት ይቆዩ።

*መብላትና መጠጣት።* ሦስት ሾት፣ እያንዳንዱ አራት ቴክ ቢሆን አሥራ ሁለት ጊዜ ይጎርሳሉ። የመጀመሪያውን ጉርሻ ትልቅ ያደረገ ሰው ስድስተኛው ላይ ይጨነቃል፣ ንግግሩም በምግብ ይታፈናል። ትንሽ ቆርሰው ብዙ ያኝኩ። የሚጾሙ ከሆነ ረቡዕን፣ ዓርብንና የ55 ቀኑን ዐቢይ ጾም፣ ሙስሊም ከሆኑ ረመዳንን ውል ሲፈርሙ ያሳውቁ፤ በቀረጻው ጠዋት ሥጋ ከቀረበ በኋላ መናገር ሁሉንም ያሳፍራል። መፍትሔ አይጠፋም። ከራቅ ያለ ሾት ላይ የእንጉዳይ ጥብስ ሥጋ ይመስላል። በብርሌ የሚጠጣው ብርዝ ይሁን፤ ቀለሙ የጠጅ ነው፣ አሥረኛ ቴክ ላይም ራስ አያዞርም።

*ሐይቁ።* ሐይቁ ከከተማው በስተ ምዕራብ ስለሆነ ጠዋት ሐይቁን ከጀርባ አድርጎ የቆመ ሰው ፊቱ ብርሃን ያገኛል፤ ማታ ግን ፀሐይዋ ከጀርባው ስለምትገባ ፊቱ ይጨልማል። የሐይቅ ዳር ንግግርዎን ለጠዋት አጥንተው ይምጡ፤ ከሰዓት ነፋስ ሲነሣ ማይኩ አይችለውም። ውኃ ውስጥ ግቡ ከተባሉ ሁለት ነገር ይጠይቁ። አንደኛው ጉማሬ ነው፤ ቦታውን የሚያውቅ ጀልባ ቀዛፊ በአቅራቢያ ይኑር። ሁለተኛው ቢልሃርዚያ ነው፤ ሲወጡ ወዲያው በፎጣ ይደርቁ፣ ከስድስት እስከ ስምንት ሳምንት ባለው ጊዜም የሰገራ ምርመራ ያድርጉ፤ ከዚያ በፊት የበሽታው ትል እንቁላል ላይታይ ይችላል። የምርመራና የመድኃኒት ወጪው በውሉ ላይ ይግባ። በጀልባ ላይ ተንሳፋፊ ጃኬት ሳይለብሱ አይቀረጹ፤ ከጋቢ ሥር ሊለበስ ይችላል።

8. በሥራዎች መካከል

በዓመት ሁለት ሦስት ፊልም ብቻውን ቤት አያስተዳድርም። ከዚህ ሥራ ጋር የሚስማማው ቀን የሚያስፈቅድ ገቢ ነው፦ የሬዲዮ ድራማ፣ የጤና ትምህርት ቴአትር፣ የማስታወቂያ ድምፅ፣ የራስ ሱቅ። የማስታወቂያ ፊት ከመሆን በፊት ግን ያስቡ፤ በየቀኑ በቴሌቪዥን ሳሙና የሚያስተዋውቅን ፊት አዘጋጆች ለሐዘንተኛ አባት ሚና ይፈሩታል።

ቀረጻው ባለቀ በሳምንቱ ለአዘጋጁ፣ ለረዳት አዘጋጁና ለኤዲተሩ አጭር ምስጋና ይላኩ። ቀጣዩን ፊልም ከሌላ ፕሮዲውሰር ጋር የሚሠራው ረዳት አዘጋጁ ስለሆነ እሱን አይዝለሉት። ከዚያ በየሦስት ወሩ አዲስ ፎቶ ወይም አዲስ ሥራ ሲኖር ብቻ ይጻፉ፤ «ሥራ የለም ወይ?» የሚል መልእክት በየሳምንቱ አይላክም።

ከፊልሙ የራስዎን ትዕይንት ለናሙና ቪዲዮ ለማግኘት ውሉ ላይ «ፊልሙ ለሕዝብ ከታየ በኋላ የተዋናዩ ትዕይንት በ30 ቀን ውስጥ ይሰጠዋል» የሚል አንድ መስመር ያስገቡ። ፕሮዲውሰሩ ዲስኩን ሊያጠፋው ይችላል፣ ኤዲተሩም ወደ ሌላ ሥራ ይሄዳል። በቀነ ገደቡ ባዶ ፍላሽ ይዘው ይሂዱ፣ ቅጂውንም ሁለት ቦታ ያስቀምጡ።